ያልታደሰ ዝርዝር የሚያስከፍለው ዋጋ
ከኮምፒውተር ፋይል መጋሪያ እስከ ቱም የቡና ገበያ

«መጠየቅ ያደርጋል ሊቅ» ይባላል። ይሁን እንጂ ለነጋዴ ከመጠየቁ የሚበልጠው ጉዳይ ማንን እንደሚጠይቅ ማወቁ ነው። ቱም ከተማ ላይ ተቀምጦ ጀንፈል የሚሰበስብ አንድ ነጋዴ ቢታሰብ፣ መኪና ከማስጫኑ በፊት ስልኩን አንስቶ ዋጋ ይጠይቃል። በስልኩ ውስጥ የተመዘገቡት ሃያ ወይም ሠላሳ ሰዎች ይሆናሉ፤ ሚዛን ያለ አቅራቢ፣ ቴፒ ያለ ደላላ፣ ቦንጋ ያለ ወዳጅ፣ አዲስ አበባ ያለ የላኪ ወኪል። ከእነዚህ መካከል ገሚሱ ቁጥር ቀይሯል። ጥቂቱ ንግዱን ትቶ ሌላ ሥራ ይዟል። አንዱ ደግሞ ከሌላ ገዢ ጋር ስለተዋዋለ ለራሱ የሚበጀውን ዋጋ ብቻ ይናገራል። ነጋዴው ስልክ አለው፤ ደዋይም ተቀባይም አላጣም። ያጣው የታደሰ ዝርዝር ነው።

ይኸው ችግር በኮምፒውተር ዓለም ከሃያ ዓመታት በላይ ሲጠናና ሲፈተሽ ቆይቷል። ሚሊዮኖች ፋይል የሚጋሩባቸው ፕሮግራሞች የሚሠሩት በአንድ ትንሽ የአድራሻ ዝርዝር ላይ ተመሥርተው ነው። ዝርዝሩ ካረጀ ፕሮግራሙ በእጅ እያለ አገልግሎቱ ይቋረጣል፤ ዝርዝሩ ውስጥ አስመሳይ ከገባ ደግሞ ተጠቃሚው ሳያውቀው ይታለላል። የኮምፒውተር ባለሙያዎች ለዚህ ያበጁት መፍትሔ ለቡና ነጋዴው፣ ለደላላውና ለከተማው ገንዘብ አውጪ ጭምር የሚጠቅም ትምህርት አለው።

ሰርቨሩ እንደ ደላላ

አቻ ለአቻ የሚባለው የፋይል መጋሪያ አሠራር በአጭሩ እንዲህ ነው። ፋይሉ የሚገኘው በአንድ ትልቅ ማዕከል ሳይሆን በተጠቃሚዎቹ ኮምፒውተሮች ውስጥ ነው። አንዱ ያለውን ለሌላው ይሰጣል፤ የሌለውን ከሌላው ይወስዳል። ችግሩ የሚፈለገው ፋይል ማን ዘንድ እንዳለ ማወቁ ላይ ነው። ይህን የሚነግረው ሰርቨር የተባለው ኮምፒውተር ነው። ሰርቨሩ ፋይሉን አይዝም። ማን ምን እንዳለው መዝግቦ ለጠያቂው ይጠቁማል። ከዚያ በኋላ ሻጭና ገዢ በቀጥታ ይገናኛሉ።

ይህ ከደላላ ሥራ ጋር አንድ ነው። ደላላው ጆንያውን አይሸከምም፤ ጆንያው ያለበትን ቤት ግን ያውቃል። ደላላው ከገበያው ሲጠፋ ቡናውም ገዢውም በየቦታቸው አሉ፤ የሚያገናኛቸው ግን የለም።

የመጀመሪያው በስፋት የታወቀው ናፕስተር ሲሆን፣ አሜሪካዊው ወጣት ሾን ፋኒንግ እ.ኤ.አ. በ1999 ያወጣው ፕሮግራም ነው። የናፕስተር ማውጫ በሙሉ በኩባንያው ሰርቨሮች ላይ የተከማቸ ስለነበር ተጠቃሚው ስለ ዝርዝር የሚጨነቅበት ምክንያት አልነበረውም። ጥቅሙም ጉዳቱም ከዚሁ የመጣ ነው። የሙዚቃ ኩባንያዎች ክስ መሥርተው ፍርድ ቤት ትእዛዝ በመስጠቱ እ.ኤ.አ. በሐምሌ 2001 ሰርቨሮቹ ሲዘጉ፣ አገልግሎቱ ለሁሉም በአንድ ጊዜ ቆመ። ሙዚቃው ግን በየተጠቃሚው ኮምፒውተር ውስጥ እንዳለ ነበር። የጠፋው ጠቋሚው ብቻ ነው።

ከናፕስተር መዘጋት ቀደም ብሎ እ.ኤ.አ. በ2000 ጄድ ማኬሌብ ኢዶንኪ 2000 የተባለውን ፕሮግራም አውጥቶ ነበር። በዚህኛው አሠራር ማንኛውም ሰው በራሱ ኮምፒውተር ላይ ሰርቨር መክፈት ይችላል። በ2002 ደግሞ ኢሙል የተባለው ነፃ ፕሮግራም ተጨመረ። ሰርቨሩ አንድ መሆኑ ቀርቶ ብዙ ሲሆን አዲስ ጥያቄ ተፈጠረ፤ ተጠቃሚው ፕሮግራሙን ሲከፍት ከየትኛው ሰርቨር ጋር ይገናኝ? መልሱ በኮምፒውተሩ ውስጥ የሚቀመጥ አንዲት ትንሽ የዝርዝር ፋይል ሆነች። በፋይሏ ውስጥ የእያንዳንዱ ሰርቨር ስም፣ አድራሻ፣ የመግቢያ በር ቁጥር፣ የተሰጠው ቅድሚያና ስንት ጊዜ ተጠርቶ እንዳልመለሰ ይመዘገባል።

ዝርዝር በአራት መንገድ ይታደሳል

ሰርቨሮች ይከፈታሉ፣ ይዘጋሉ፣ አድራሻ ይለውጣሉ። በመሆኑም ዝርዝሩ ካልታደሰ በወራት ውስጥ የሙታን መዝገብ ይሆናል። ኢሙልን የመሰሉ ፕሮግራሞች ዝርዝሩን የሚያድሱባቸው መንገዶች አራት ናቸው።

አንደኛው፣ ፕሮግራሙ በተከፈተ ቁጥር አስቀድሞ ከተመረጠ የታወቀ አድራሻ አዲሱን ዝርዝር ማውረድ ነው። ሁለተኛው፣ ፕሮግራሙ የተገናኘበት ሰርቨር የሚያውቃቸውን ሌሎች ሰርቨሮች እንዲነግረው ማድረግ ነው። ሦስተኛው፣ ከሌሎች ተራ ተጠቃሚዎች ዝርዝር መቀበል ነው። አራተኛው፣ ተጠቃሚው ራሱ አድራሻውን በእጁ መጻፉ ነው።

ከመጨመሩ ጎን ለጎን የመቀነስ ሥራም አለ። አንድ ሰርቨር ለተወሰነ ጊዜ ያህል ተደጋግሞ ተጠርቶ ካልመለሰ ፕሮግራሙ ከዝርዝሩ ይሰርዘዋል። ስንት ጊዜ ሲቀር እንደሚሰረዝ ተጠቃሚው ይወስናል። ተጠቃሚው እርግጠኛ የሆነበትን ሰርቨር ግን «ቋሚ» ብሎ ሊመዘግበው ይችላል። ቋሚ የተባለው አንድ ሳምንት ባይመልስም አይሰረዝም።

ነጋዴው እነዚህን አራት መንገዶች በሌላ ስም ያውቃቸዋል። የመጀመሪያው ከታወቀ ተቋም የወጣ የዋጋ መግለጫ ነው። ሁለተኛው «እገሌን ጠይቅ» የሚለው የደላላ ጥቆማ ነው። ሦስተኛው ቡና ሲጠጣ የሚሰማው የገበያ ወሬ ነው። አራተኛው ነጋዴው ራሱ ሄዶ፣ አይቶና ተዋውቆ የመዘገበው ነው። አራቱም ያስፈልጋሉ። እምነት የሚጣልባቸው ግን በእኩል መጠን አይደለም።

«ያልጠረጠረ ተመነጠረ»

እ.ኤ.አ. የካቲት 21 ቀን 2006 የስዊዘርላንድና የቤልጅየም ባለሥልጣናት ራዞርባክ 2 የተባለውን የኢዶንኪ ሰርቨር ዘጉ። መሣሪያዎቹ የተያዙት ቤልጅየም ውስጥ ሲሆን፣ በጊዜው ከ1 ሚሊዮን በላይ ተጠቃሚዎች በአንድ ጊዜ ይገናኙበት ነበር። በዚያው ዓመት መስከረም ወር ኢዶንኪን ያወጣው ሜታማሽን ኩባንያ ከሙዚቃ ኩባንያዎች ጋር በ30 ሚሊዮን ዶላር ካሳ ተስማምቶ ሥራውን አቆመ።

ይሁንና ኢሙል አልሞተም። ሌሎች ሰርቨሮች በዝርዝሩ ውስጥ ስለነበሩ ዝርዝሩን ያደሰ ተጠቃሚ ወደ እነርሱ ተሻገረ። አንዱን ሰርቨር ብቻ የሚያውቀው ግን እንደ ናፕስተር ተጠቃሚ መንገድ ላይ ቀረ። «ከአንድ ብርቱ ሁለት መድኃኒቱ» የሚለው አባባል እዚህ ላይ ይሠራል።

ከትልልቆቹ መዘጋት ጋር ሌላ በሽታ ተከተለ። የታወቁ ሰርቨሮችን ስም የለበሱ አስመሳዮች በዝርዝሩ ውስጥ መግባት ጀመሩ። አስመሳዩ ሲጠየቅ ፈጥኖ ይመልሳል፤ ብዙ ተጠቃሚና ብዙ ፋይል እንዳለው አድርጎ ያሳያል። የሚሰጠው መልስ ግን ቆሻሻ፣ ማስታወቂያ ወይም ቫይረስ ነው፤ አንዳንዱም ማን ምን እንደሚፈልግ ለመሰለል የተቀመጠ ነው። አስመሳዮቹ የተስፋፉት በሁለተኛውና በሦስተኛው መንገድ ነበር። አንዱ አስመሳይ ሌሎች አስመሳዮችን ይጠቁማል፤ የተታለለው ተጠቃሚም ሳያውቅ ለጓደኛው ያስተላልፋል። በዚህ ምክንያት ነው ልምድ ያላቸው ተጠቃሚዎች ሁለቱን መንገዶች ዘግተው፣ ከአንድ የታመነ አድራሻ ብቻ እንዲታደስ ማድረግን የሚመክሩት።

እዚህ ላይ ለነጋዴ የሚሆን ቁም ነገር አለ። የሞተ አድራሻ የሚያስከፍለው ጊዜ ነው። ይደወላል፣ አይመለስም፣ ወደ ሌላው ይታለፋል። አስመሳይ አድራሻ ግን የሚያስከፍለው ገንዘብ ነው፤ ምክንያቱም ይመልሳል፣ በፍጥነት ይመልሳል፣ በልበ ሙሉነትም ይመልሳል። ከማይመልሰው ይልቅ ፈጥኖ የሚመልሰውን መመርመር ይገባል።

የነባር ደንበኛ ሒሳብ

እ.ኤ.አ. በ2002 የኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች የነበሩት ፔታር ማይሙንኮቭና ዴቪድ ማዚዬር ካዴምሊያ የተባለ አሠራር በጥናት አቀረቡ። ኢሙልም ከጥቂት ጊዜ በኋላ ይህን አሠራር «ካድ» በሚል ስም ጨመረ። በካድ ውስጥ ሰርቨር የሚባል የለም። ማውጫው ለተጠቃሚዎቹ ሁሉ ተከፋፍሎ እያንዳንዱ ጥቂት ጥቂቱን ይይዛል።

ሰርቨር ከቀረ የዝርዝር ነገር ያከተመ ሊመስል ይችላል። ይሁን እንጂ አዲስ የሚገባ ሰው መጀመሪያ የሚያንኳኳው ቢያንስ አንድ በር ያስፈልገዋል። ያችን በር የሚያገኘው ከዝርዝር ነው። ከገባም በኋላ እያንዳንዱ የራሱን ዝርዝር ይይዛል። ልዩነቱ ዝርዝሩ የሚጠበቅበት ሕግ ነው፤ ሕጉም ለነጋዴ በጣም የቀረበ ነው።

የመጀመሪያው ሕግ ስለ ስፋት ነው። ዝርዝሩ በርቀት እየተለየ በየመደቡ ይከፋፈላል። ርቀት ሲባል ኪሎ ሜትር ሳይሆን በመለያ ቁጥሮች መካከል ያለ ልዩነት ነው። በየመደቡ የሚመዘገቡት አድራሻዎች ቁጥር የተወሰነ ሲሆን፣ በጥናቱ ለምሳሌ የቀረበው 20 ነው። በዚህም ምክንያት እያንዳንዱ አባል ጎረቤቶቹን በዝርዝር ያውቃል፤ ስለ ሩቆቹ ጥቂት ያውቃል፤ ከየርቀቱ ግን የሚጠይቀው አያጣም።

ሁለተኛው ሕግ ስለ ነባርና አዲስ ነው። መደቡ ሞልቶ ሳለ አዲስ ሰው ቢመጣ፣ ፕሮግራሙ ነባሩን አውጥቶ አዲሱን አያስገባም። ከነባሮቹ መካከል ድምፁ ከተሰማ ረዥም ጊዜ የሆነውን አስቀድሞ «አለህ?» ብሎ ይጠይቀዋል። ከመለሰ ቦታው ይጸናል፤ አዲሱ ይቀራል። ካልመለሰ ነባሩ ተሰርዞ አዲሱ ይገባል። ተመራማሪዎቹ ይህን የመረጡት በጨረፍታ አይደለም። ከሌላ የፋይል መጋሪያ መረብ ላይ የተሰበሰበ መረጃ እንዳሳየው፣ አንድ ኮምፒውተር በመረቡ ላይ የቆየበት ጊዜ በረዘመ ቁጥር ቀጣዩንም ሰዓት የመቆየቱ ዕድል ከፍ ይላል። በተጨማሪም አስመሳዮች በገፍ ቢመጡ መልስ የሚሰጡትን ነባሮች ሊያፈናቅሉ አይችሉም።

ሦስተኛው ሕግ ስለ ጊዜ ነው። በአንድ መደብ ውስጥ ለአንድ ሰዓት ያህል ምንም ፍለጋ ካልተደረገ፣ ፕሮግራሙ ሆን ብሎ እዚያ መደብ ውስጥ ፍለጋ ያካሂዳል። ሥራ ስለሌለ ብቻ ዝርዝሩ እንዲሻግት አይተውም።

«ደንበኛ» የሚለውን ቃል ለሚያውቅ የኢትዮጵያ ነጋዴ ሁለተኛው ሕግ እንግዳ አይደለም። ነባር ደንበኛን ማክበር ያለ ነገር ነው። ካዴምሊያ የሚጨምረው አንድ ነጥብ ነው፤ ነባሩ የሚከበረው ሲጠየቅ እስከመለሰ ድረስ ብቻ ነው። ለሁለት ዓመት ያልተደወለለት «ደንበኛ» በዝርዝሩ ውስጥ የቆየው በመልሱ ሳይሆን በትዝታ ነው።

የቡናው ሰርቨሮች

በቡና ግብይት ውስጥ ከሰብሳቢው እስከ አቅራቢው፣ ከአቅራቢው እስከ ላኪው ያለው ሰንሰለት ረዥም ነው። ቀድሞ ዋጋ የሚወጣው አዲስ አበባና ድሬዳዋ ላይ በሚካሄድ ጨረታ ነበር። ማጂ፣ ቱምና አካባቢው የዋጋውን ወሬ የሚሰሙት ከመኪና ሾፌርና ከተመላሽ ነጋዴ በመሆኑ ወሬው ሲደርስ ገበያው አልፎ ይገኛል። «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» እንደሚባለው ነው።

የኢትዮጵያ ምርት ገበያ በአዋጅ ቁጥር 550/1999 ተቋቁሞ በሚያዝያ 2000 ዓ.ም. ግብይት ጀመረ። ቡና ወደዚሁ ገበያ የገባው በ2001 ዓ.ም. ነው። ተቋሙ ቡናው ወደ አዲስ አበባ ሳይጓዝ በአካባቢ መጋዘኖች ተመዝኖና ደረጃ ወጥቶለት የመጋዘን ደረሰኝ እንዲሰጥበት አደረገ። ለደቡብ ምዕራቡ ቡና ቅርቡ መጋዘን ቦንጋ የሚገኘው ነው። የዕለቱ ዋጋም በገጠር ከተሞች በተተከሉ የኤሌክትሮኒክስ ሰሌዳዎች፣ በስልክ አጭር መልእክትና በመገናኛ ብዙኃን እንዲሰራጭ ተደረገ። በኮምፒውተሩ ቋንቋ ሲነገር ይህ የናፕስተር ዓይነት ነው፤ ማውጫው አንድ፣ አድራሻው የታወቀ፣ መልሱም ለሁሉም እኩል ነው። በዚህ ዓይነት ገበያ ውስጥ ነጋዴው ብዙ ዝርዝር አያስፈልገውም።

ሁኔታው የተለወጠው የቡና ግብይትና ጥራት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1051/2009 ከወጣ በኋላ ነው። አዋጁና እሱን ተከትለው የወጡት መመሪያዎች አቅራቢና ላኪ ከምርት ገበያው ውጭ በቀጥታ የሚገናኙበትን መንገድ ከፈቱ። በቤንች ማጂ የተመሠረተው የጌሻ ቪሌጅ ቡና እርሻም ከእ.ኤ.አ. 2017 ጀምሮ ቡናውን ለውጭ ገዢዎች በራሱ ጨረታ ማቅረብ ጀምሯል። ገበያው ከናፕስተር ወደ ኢሙል ተሻገረ እንደማለት ነው። የሚጠየቁት በሮች በዙ፤ ዋጋውም በየበሩ ተለያየ። ከዚህ በኋላ ትክክለኛው ዋጋ የሚታወቀው የነጋዴው የራሱ ዝርዝር ጥሩ ሆኖ ሲገኝ ብቻ ነው።

በዚህ ላይ የቴሌግራም ቡድኖች ተጨመሩ። የዋጋ መልእክት በደቂቃ ውስጥ ከአዲስ አበባ ቱም ይደርሳል። የዚያኑ ያህል ቀኑ ያልተጻፈበት ዋጋ፣ ከሌላ ቡድን የተገለበጠ ዋጋ፣ ገበያውን ለማውረድ ሆን ተብሎ የተለቀቀ ዋጋም አብሮ ይደርሳል። ከሌላ ተጠቃሚ ዝርዝር የመቀበል አደጋ ማለት ይኸው ነው። ከዚህም ሌላ መስመሩ ራሱ ሊዘጋ ይችላል። ከሰኔ 23 ቀን 2012 ዓ.ም. ጀምሮ ለሦስት ሳምንታት ያህል ኢንተርኔት በመላ አገሪቱ ተቋርጦ ነበር። ከየካቲት እስከ ሐምሌ 2015 ዓ.ም. ደግሞ ቴሌግራምና ሌሎች ማኅበራዊ መገናኛዎች ታግደው ቆይተዋል። በእነዚያ ወራት የዋጋ ምንጩ በቴሌግራም ብቻ የነበረ ነጋዴ የራዞርባክ 2 ዕጣ ደርሶበታል።

በመዝገብ ያለ፣ በመሬት የሌለ

ዝርዝር ሳይነገር ያረጃል። ለዚህ ከቱም የተሻለ ማስረጃ አይገኝም። የቱም አድራሻ በአሮጌ የንግድ መዝገቦች ላይ «ደቡብ ክልል፣ ቤንች ማጂ ዞን» ተብሎ ሰፍሯል። ዞኑ ቤንች ሸኮና ምዕራብ ኦሞ ተብሎ ለሁለት ተከፍሏል፤ ማጂ ወረዳና ቱም በምዕራብ ኦሞ ውስጥ ናቸው። በኅዳር 2014 ዓ.ም. ደግሞ የደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሕዝቦች ክልል ተመሥርቶ ቦንጋ፣ ሚዛን አማን፣ ተርጫና ቴፒ የክልሉ ማዕከላት ሆነዋል። ከተማዋ ከቦታዋ ሳትነቃነቅ አድራሻዋ ተለውጧል። ደብዳቤውን በአሮጌው አድራሻ ሐዋሳ የሚልክ ነጋዴ የጻፈው ስህተት አልነበረም፤ በጊዜው ትክክል የነበረ ነው።

ሌላም አለ። ቱም በዓለም አቀፉ የአውሮፕላን ማረፊያዎች መዝገብ ላይ የራሷ ባለ ሦስት ፊደል መለያ አላት። ይሁንና ስሙ በመዝገብ መኖሩ ጭነት የሚያነሳ መደበኛ በረራ አለ ማለት አይደለም። የመዝገቡን ስም አይቶ የጉዞ ዕቅድ ያወጣ ገዢ በመጨረሻ የሚሳፈረው መኪና ነው።

የዋጋ ዝርዝር ከአድራሻ ዝርዝርም በፈጠነ ያረጃል። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ፣ አንድ የአሜሪካ ዶላር በባንክ ከ57 ብር ገደማ ተነሥቶ በአንድ ቀን 74 ብር ገደማ ገባ። በዋዜማው ምሽት የተያዘ የቡና ዋጋ በማግስቱ ጠዋት የታሪክ ጽሑፍ ሆነ። በየካቲት 2017 ዓ.ም. ደግሞ የአረቢካ ቡና በኒውዮርክ የወደፊት ግብይት በፓውንድ ከ4 ዶላር አለፈ። እንዲህ ባለ ጊዜ የሳምንት ዕድሜ ያለው ዋጋ ከሌለ ዋጋ ይብሳል።

የማደሻ ወጪና የስንፍና ወጪ

ጉዳዩ በቁጥር ሲታይ ይበልጥ ግልጽ ይሆናል። የሚከተሉት ቁጥሮች ለማስረጃ ሳይሆን ለሒሳብ ትምህርት የተወሰዱ ናቸው። አንድ ሰብሳቢ 51 ኩንታል ቡና ጭኗል እንበል። ይህ 5,100 ኪሎ ግራም ሲሆን፣ አንድ ፈረሱላ 17 ኪሎ ግራም በመሆኑ 300 ፈረሱላ ይሆናል። ነጋዴው የያዘው ዋጋ የአምስት ቀን ዕድሜ ያለው በመሆኑ በፈረሱላ 150 ብር ዝቅ ብሎ ቢሸጥ፣ 45,000 ብር አጥቷል ማለት ነው። አምስት ሰዎች ጋር ለመደወል የሚወጣው 50 ብር ቢሆን፣ ዋጋው የተለወጠበት አጋጣሚ ከመቶ አንድ ጊዜ ብቻ ነው ቢባል እንኳ የሚጠበቀው ኪሳራ 450 ብር ነው። መደወሉ ዘጠኝ እጥፍ ያዋጣል።

አሜሪካዊው የኢኮኖሚክስ ሊቅ ጆርጅ ስቲግለር እ.ኤ.አ. በ1961 ባሳተመው ጥናት ይህንኑ ሐሳብ መልክ አስይዞታል። ዋጋ ማፈላለግ ወጪ አለው፤ ፈላጊው ፍለጋውን ማቆም ያለበት ተጨማሪው ጥያቄ የሚያስገኘው ጥቅም ከሚያስወጣው ወጪ ጋር እኩል ሲሆን ነው። ስቲግለር በ1982 የኖቤል ሽልማት አግኝቷል። ሮበርት ጄንሰን የተባለ ተመራማሪ ደግሞ በደቡብ ሕንድ ኬረላ ግዛት የሚገኙ ዓሣ አጥማጆችን አጥንቶ በ2007 ውጤቱን አወጣ። ተንቀሳቃሽ ስልክ ከገባ በኋላ አጥማጆቹ ከባሕር ሳይወጡ የየወደቡን ዋጋ ስለሚጠይቁ፣ በገበያዎች መካከል የነበረው የዋጋ ልዩነት ጠበበ፤ የአጥማጆቹ ትርፍ በ8 ከመቶ ከፍ ሲል ሸማቹ የሚከፍለው ዋጋ በ4 ከመቶ ቀነሰ። ስልኩ ይህን ያደረገው በእያንዳንዱ ወደብ የሚጠየቅ ሰው ስለነበር ነው።

ለሥራ የሚሆኑ ደንቦች

ከዚህ ሁሉ ለነጋዴው ዝርዝር የሚወጡት ደንቦች ስድስት ናቸው።

1ኛ/ ከእያንዳንዱ ስም ጎን መጨረሻ የመለሰበት ቀን ይጻፍ። ቀን የሌለው ስም እንደሞተ ይቆጠር። ዋጋም ቢሆን ከቀኑና ከደረጃው ጋር ካልሆነ አይመዝገብ፤ የታጠበና ያልታጠበ፣ ጀንፈልና እሸት የየራሱ ዋጋ አለውና።

2ኛ/ ዝርዝሩ በርቀት ይከፈል። ለቱም ነጋዴ አንደኛው መደብ ቱምና ማጂ፣ ሁለተኛው ጀሙና ባቹማ፣ ሦስተኛው ሚዛንና ቴፒ፣ አራተኛው ቦንጋና ጅማ፣ አምስተኛው አዲስ አበባ ሊሆን ይችላል። በቅርቡ መደብ ብዙ ሰው፣ በሩቁ ጥቂት ሰው ይያዝ። ባዶ መደብ ግን አይኑር።

3ኛ/ ለሦስት የተለያዩ ቀናት ተደውሎለት ያልመለሰ ስም ይሰረዝ። በመኸር ወቅት በሳምንት፣ በሌላው ጊዜ በወር አንድ ቀን ለዚሁ ሥራ ይመደብ። ንግድ በቀዘቀዘበት ወር መደወሉ በተለይ አይተው።

4ኛ/ ሁለት ወይም ሦስት ምንጮች «ቋሚ» ተብለው ይያዙ። ከእነዚህ አንዱ የምርት ገበያው ይፋ ዋጋ ቢሆን ይመረጣል። ሌሎቹ ሁሉ የሚመዘኑት በእነዚህ ነው።

5ኛ/ ጥቆማ ይሰማ እንጂ ሳይፈተን አይመዝገብ። ነጋዴው አስቀድሞ የሚያውቀውን የትናንት ዋጋ አዲሱን ሰው ይጠይቀው። ትናንትን የሳተ ስለ ዛሬ አይታመንም። ከሌሎቹ ሁሉ የራቀ ዋጋ የሚናገር ምንጭም ምክንያቱ እስኪታወቅ ይቆይ።

6ኛ/ ምንጮቹ በአንድ መስመር ብቻ የሚገኙ አይሁኑ። በቴሌግራም የሚገኘው ሰው የስልክ ቁጥሩም ይያዝ። ስልኩ ቢጠፋ እንዳይጠፋ ዝርዝሩ በወረቀት ተገልብጦ በሌላ ቦታ ይቀመጥ። ሁለት ደላሎች ዋጋውን የሚሰሙት ከአንድ ሰው ከሆነ ምንጩ አንድ እንጂ ሁለት አይደለም።

በመጨረሻ አንድ ማሳሰቢያ አለ። የፋይል መጋሪያ ፕሮግራም ራሱ ሕገ ወጥ አይደለም፤ የሰውን ሥራ ያለ ፈቃዱ ማባዛትና ማሰራጨት ግን በቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ያስጠይቃል። ከናፕስተርም ሆነ ከኢዶንኪ መውሰድ የሚገባው የሰው ንብረት ሳይሆን አሠራሩን ነው።

ገንዘቡን በቡና ንግድ ላይ ለማዋል ያሰበ የከተማ ሰውም ከዚህ የሚያገኘው ነገር አለ። ሽርካ ሊሆነው የመጣውን ነጋዴ መጋዘኑንና መኪናውን እንደሚጠይቀው ሁሉ፣ ዝርዝሩንም ይጠይቀው፤ ከመካከሉም ሦስት ስም መርጦ እፊቱ ያስደውለው። ሦስቱም ከመለሱ ነጋዴው ገበያ ውስጥ አለ። ሦስቱም ካልመለሱ ያ ነጋዴ የሚያውቀው የአምናውን ገበያ ነው። የአምናው ገበያ ደግሞ የዘንድሮን ቡና አይገዛም።